የመስቀል በግና የፊልም በግ፦ በአበባ ወቅት ስለሚታይ የሰውና የእንስሳ ትስስር

(ለሕዝብ ክፍት ሆኖ የቀረበ ትምህርታዊ ንግግር፤ ከድምፅ ቅጂ ወደ ጽሑፍ የተገለበጠ)



አዘጋጆቹ የሰጡኝ ርእስ «በጸደይ ወቅት ስለ ቤት እንስሳትና ስለ ሰው ፍቅር የሚተርኩ ፊልሞች» የሚል ነበር። ስቀበለው ቀላል መስሎኝ ነበር። ለመጻፍ ስቀመጥ ግን ገና ከመነሻው ሁለት ቃላት አሰናከሉኝ። «ጸደይ» የሚባለው የትኛው ወቅት ነው? «የቤት እንስሳ»ስ ማንን ይጨምራል? እነዚህን ሁለት ቃላት ሳልፈታ ወደ ፊልሞቹ ብገባ የሰው ርእስ በእኛ ልሳን እንደማነብ ይሆንብኛል። ስለዚህ ትንሽ ታገሡኝ።

በባሕረ ሐሳብ አቆጣጠር ጸደይ ከመጋቢት 26 እስከ ሰኔ 25 ነው። አበባው የሚፈነዳበት፣ ሜዳው ቢጫ የሚለብስበት ጊዜ ግን መፀው ይባላል፤ እርሱም ከመስከረም 26 እስከ ታኅሣሥ 25 ይቆያል። በአውሮፓ አበባ የሚያብበው በሚያዝያና በግንቦት ስለሆነ ተርጓሚዎቻችን የእነርሱን ወቅት «ጸደይ» ሲሉት በወሩ ልክ ነበሩ፤ በመልኩ ግን ሳቱ። ሕዝቡ ደግሞ መልኩን ይዞ ወሩን ተወና መስከረምን «ጸደይ» ይለው ጀመር። የሚገርመው፣ በጥብቅ ከተቈጠረ መስከረም 17 የሚውለው መስቀል ራሱ ገና በክረምት ውስጥ ነው። እዚህ ምዕራብ ሸዋ ያለው ገበሬ በኦሮምኛ ነገሩን የለየው ይመስለኛል፤ ክረምት ሲወጣ የሚመጣው ብሩህ ወቅት «ብራ»፣ ከበጋ በኋላ የዝናብ መባቻ የሆነው «አርፋሳ» ነው፤ ኢሬቻም በሁለቱም ወቅት አለ። እንግዲህ እኔ ዛሬ ስለ አበባ ወቅት ስናገር ብራን፣ መስከረምንና ጥቅምትን ማለቴ ነው።

ሁለተኛው ቃል ይከብዳል። የእንግሊዝኛው «ፔት» ሰው ለወዳጅነት ብቻ የሚያሳድገው እንስሳ ነው፤ አይታረስበትም፣ አይታለብም፣ አይታረድም። በአማርኛ «የቤት እንስሳ» ስንል ግን በሬውም፣ ፍየሉም፣ ዶሮውም፣ ውሻውም፣ ድመቷም በአንድ ጣሪያ ሥር ናቸው። «ለማዳ» የሚለው ቃል ጠባይን እንጂ ጥቅምን አይለይም። ይህን የቋንቋ ድህነት ነው የሚሉ አሉ፤ እኔ አይመስለኝም። ቋንቋው የያዘው አንድ እውነት አለ፤ በእኛ ቤት የሚወደደውና የሚበላው እንስሳ ብዙ ጊዜ አንድ ነው። በሬው «ቦራ»፣ «ዳለቻ»፣ «ቡሬ» ተብሎ በስሙ ይጠራል፤ ሲያረጅ ደግሞ ለቅርጫ ይሸጣል። ስሙን ያወጣለት ሰውዬ ነው ገመዱን ይዞ ወደ ገበያ የሚያወጣው።

ይህ አዲስ ነገርም አይደለም። ነቢዩ ናታን ለዳዊት የነገረውን ታሪክ ታስታውሳላችሁ። ድኻው ሰው አንዲት ጠቦት ነበረችው፤ ከልጆቹ ጋር አደገች፣ ከእንጀራው በላች፣ ከጽዋው ጠጣች፣ በብብቱም ተኛች፤ ባለጠጋው ግን ለእንግዳው አረዳት። ዳዊት የተቈጣው ስለ በግ መታረድ አልነበረም፤ በግማ በቤቱ ዕለት ዕለት ይታረድ ነበር። የተቈጣው ስለዚያች አንዲት በግ ነው። እንስሳን ከመንጋው ነጥሎ «ይህች» ማሰኘት፣ የዚህ ዓይነት ፊልሞች ሁሉ ዋና ሥራ ይኸው ነው።

ከፊልም በፊት የራሴን ላውጋችሁ። ያደግሁት ከጉደር ብዙ በማይርቅ ቀበሌ ነው። ስምንት ዓመት ሳይሞላኝ እናቱ የሞተችበትን አንድ ግልገል በጠርሙስ የላም ወተት እያጠባሁ አሳደግሁ። ከትምህርት ቤት ስመለስ ሜዳ ድረስ ወጥቶ ይቀበለኝ ነበር። ክረምቱን ከእኔ ጋር ምድጃ ዳር ተኛ። የመስቀል ለት ማለዳ ስነሣ ቆዳው ከግድግዳው ላይ ተወጥሮ አየሁት። አባቴ ምንም አላለኝም፤ ክፉ ሰው አልነበረም፤ በዚያ ዓመት በቤታችን የነበረው ወጠጤ በግ እርሱ ብቻ ነበር። አያቴ እንደ ዱሮው ልማድ ከቆዳው ቀጭን ጠፍር ሠንጥቃ መዲቻ አድርጋ በእጄ አንጓ ላይ አሰረችልኝ። በዓል ነውና ሥጋው ቀረበ። በላሁ። ጣፈጠኝም። ጠፍሩ እጄ ላይ ደርቆ እስኪበጠስ ድረስ ግን ማንንም አላናገርሁም ይሉኛል። እኔ ዝምታውን አላስታውስም፤ የማስታውሰው ጣዕሙን ነው፤ ያሳፈረኝም ይኸው ነው።

ስለዚህ የያሬድ ዘለቀን «ላምብ» (ትርጉሙ ጠቦት ማለት ነው) በመጀመሪያ ያየሁ ጊዜ እንደ ሥነ ጽሑፍ ሰው አልተመለከትሁትም። ፊልሙ በ2015 እ.ኤ.አ. በካን ፌስቲቫል «ኧን ሰርተን ሪጋርድ» በተባለው ክፍል የታየ ሲሆን፣ በካን ይፋዊ ምርጫ ውስጥ የገባ የመጀመሪያው የኢትዮጵያ ፊልም ነው። ታሪኩ ቀላል ነው። ኤፍሬም የሚባል ልጅ እናቱን በረኀብ ያጣል። አባቱ አብርሃም ሥራ ፍለጋ ወደ አዲስ አበባ ሲሄድ ልጁን ለምለም አገር ካሉ ዘመዶች ዘንድ ይተወዋል። ልጁ ይዞት የመጣው ቅርስ ቹኒ የተባለ በጉ ብቻ ነው። አጎቱ ሰሎሞን ግን ቹኒ ለሚመጣው ሃይማኖታዊ በዓል እንዲታረድ ይወስናል። ልጁ ደግሞ እርሻ አይሆንለትም፤ የሚችለው ወጥ መሥራት ነው። በዚያ ቤት ይህ የወንድ ሥራ አይደለምና ይነቀፍበታል። እርሱ ግን ሳምቡሳ ጠብሶ ገበያ እየሸጠ ወደ አገሩ የሚመለስበትን የመኪና ዋጋ ያጠራቅማል።

ፊልሙን ለክፍሌ ሳሳይ አጎቱ ውሳኔውን የሚናገርበት ቦታ ላይ ከኋላ ወንበር ሣቅ ተሰማ። «ዶክተር፣ በግ እኮ ነው» አለኝ አንዱ ተማሪ። ሌሎቹ ሊቈጡት ቃጡ። እኔ ግን ልጁ ልክ ነው አልሁ፤ አሁንም እንደዚያው እላለሁ። የፈረንጅ ተመልካች ይህን ፊልም ሲያይ አጎቱን ጨካኝ አድርጎ ይወስደዋል፤ በእርሱ ዓይን በጉ «ፔት» ነውና። የእኛ ተመልካች ግን አጎቱን ያውቀዋል። ሰሎሞን የሚመግበው ቤተሰብ አለው፣ በዓል መጥቶበታል፣ በደጁም በግ ቆሟል። የፊልሙ ኃይል ያለው እዚህ ላይ ነው፤ ሁለቱም ልክ ናቸው። በአውሮፓና በአሜሪካ ፊልሞች የአበባው ወቅት እንስሳው የሚወለድበት፣ የሚፈታበት፣ የሚድንበት ወቅት ነው። በእኛ ዘንድ አደይ ወይም ኬሎ በሚፈነዳበት ሳምንት ቢላዋም ይሳላል። ፍቅሩና ቢላዋው አንድ ወቅት ይጋራሉ። የልጁ አባት ስም አብርሃም መሆኑንም ልብ በሉልኝ፤ በመጽሐፉ አብርሃም በግ ተገኝቶለት ልጁ ተረፈ። እዚህ አብርሃም ልጁን ትቶት ሄዷል፤ በጉን የሚያድንለት ልጁ ራሱ ነው መሆን ያለበት። ይሳካለት እንደሆነ አልነግራችሁም፤ ፊልሙን ያላያችሁ እዩት።

እዚህ ላይ አንድ የሙያ ነገር ላስረዳ፤ ለፊልም ተማሪዎች ይጠቅማልና። እንስሳ አይተውንም። ታዲያ ስለምን ያስለቅሰናል? ሌቭ ኩሌሾቭ የተባለው ሩሲያዊ ከመቶ ዓመት ገደማ በፊት የአንድን ተዋናይ ምንም ስሜት የሌለበት ፊት አንድ ጊዜ ከሾርባ ሳሕን፣ አንድ ጊዜ ከሬሣ ሣጥን ጋር ቀጠለው። ተመልካቹ ፊቱ ላይ መጀመሪያ ረኀብን፣ ኋላ ኀዘንን አነበበ ይባላል፤ ፊቱ ግን አንድ ነበር። የበግ ፊት ከዚያ ተዋናይ ፊት ይበልጥ ምንም አይናገርም። ስለዚህ ፊልም ሠሪው የፈለገውን ሊያስነግረው ይችላል። አደጋውም ይኸው ነው። ብዙ የእንስሳ ፊልሞች ውሻውን ለብቻው ቀርበው ያነሡታል፣ ልጁን ለብቻው ያነሡታል፣ ከዚያ በኤዲቲንግ ያፋቅሯቸዋል። ሁለቱ ምናልባት አንድ ቀን እንኳ አብረው አልዋሉም።

አንድሬ ባዛን የተባለው ፈረንሳዊ ሐያሲ ይህን አይቶ ነበር። ላሞሪስ በ1953 እ.ኤ.አ. ስለ አንድ ልጅና ስለ አንድ ዱር ፈረስ የሠራውን «ነጭ ጋማ» የተባለ አጭር ፊልም ጭምር እየጠቀሰ አንድ ሕግ አወጣ። የነገሩ ትርጉም ሁለት ፍጥረታት በአንድ ቦታ አብረው በመገኘታቸው ላይ የቆመ ከሆነ መቁረጥ ክልክል ነው፤ ሁለቱ በአንድ ፍሬም ውስጥ ይታዩ። «ላምብ»ን በዚህ ሚዛን መዝኑት። ልጁና በጉ በአንድ ፍሬም ውስጥ ሲሄዱ፣ ሲተኙ፣ ሲጠባበቁ እናያለን። በግ ያሳደገ ሰው የሚያውቀው ነገር ነው፤ በጉ የሚከተለው ተዋናይ ስለሆነ ሳይሆን ስለለመደው ነው። ያ መልመድ በኤዲቲንግ አይሠራም።

ከሩቅ አገር አንድ ምሳሌ ብቻ በሰፊው ላንሣ። «የምታለቅሰው ግመል» በ2003 እ.ኤ.አ. ብያምባሱሬን ዳቫና ሉዊጂ ፋሎርኒ በሞንጎሊያ ጎቢ በረሓ የሠሩት ዘጋቢ ፊልም ነው፤ በኋላም ለኦስካር ታጭቷል። ጊዜው የእነርሱ ጸደይ፣ ግመሎች የሚወልዱበት ወቅት ነው። አንዲት ግመል ምጧ በርትቶባት ነጭ ግልገል ትወልዳለች፤ ከወለደችም በኋላ አላስጠጋም፣ አላጠባም ትላለች። ቤተሰቡ ሁለት ልጆች ወደ ከተማ ልኮ ሙዚቀኛ ያስመጣል። የቤቱ ሴት እየደባበሰቻት ስታዜምላት፣ ሙዚቀኛው ባለ ሁለት አውታር መሣሪያውን ሲመታ፣ ግመሏ ቀስ በቀስ ትረጋለች፤ ከዓይኗ እንባ ይወርዳል፤ ግልገሉም ይጠባል። ተጠራጣሪ ሰው የግመል ዓይን ሁልጊዜም ያነባል ሊል ይችላል። ይበል። ወተቱ ግን ወርዷል፤ ወተት በኤዲቲንግ አይወርድም።

ይህን ፊልም ሳይ ያገሬን ልማድ አስታወስሁ። ጥጃዋ የሞተባት ላም ወተቷን ትይዛለች። ስለዚህ የሞተው ጥጃ ቆዳ ተገፎ፣ ደርቆ፣ በገለባ ተሞልቶ አጠገቧ ይቀመጣል። ላሚቱ እርሱን ትልሳለች፤ ሴትዮዋም ታልባለች። እናቴ ይህን ስታደርግ አይቻለሁ። ታሳዝነኝ የነበረችው ላሚቱ ብቻ አልነበረችም፤ እናቴም ፊቷን ዘወር አድርጋ ነበር የምታልበው። ስለ ፊልም ምንነት ብዙ ንድፈ ሐሳብ አስተምሬአለሁ፤ ከዚያ በገለባ ከተሞላ ቆዳ የተሻለ ምሳሌ ግን አላገኘሁም። የሞተ ነገር መሆኑን ሁላችንም እናውቃለን፤ ወተቱ ግን ይወርዳል። የሚታለበው ወተት ለማን እንደሚውል መጠየቅ ደግሞ የሐያሲ ሥራ ነው።

ስለ ሃቺኮ አለማንሣት አይቻልም፤ ግማሾቻችሁ በስልካችሁ አይታችሁ አልቅሳችኋል። የ1987ቱን የጃፓን ፊልምና የ2009ኙን የአሜሪካ ቅጂ ማለቴ ነው። ለእኛ የሚነካው፣ የውሻው ጌታ ሂዴሳቡሮ ኡዌኖ በቶኪዮ ዩኒቨርሲቲ የእርሻ ትምህርት ፕሮፌሰር መሆናቸው ነው። በግንቦት 1925 እ.ኤ.አ. ሥራ ላይ ሳሉ በድንገት ዐረፉ፤ ውሻው እስከ መጋቢት 1935 ድረስ በሺቡያ ባቡር ጣቢያ ጠበቃቸው። እኛም በ1939 ዓ.ም. በእርሻ ትምህርት ቤትነት የተጀመረ ግቢ ውስጥ ነን። ከመምህራኖቻችን ውስጥ በዐሥር ዓመት የሚጠበቅ ይኖር ይሆን? (ሣቅ።) የአሜሪካው ቅጂ ግን ፕሮፌሰሩን የሙዚቃ መምህር አድርጎ እርሻውን ሰርዞታል፤ በእኔ አስተያየት ጥሩ አላደረገም። ሰውዬው ስለ መሬትና ስለ ውኃ የሚያስተምር ነበር፤ እንስሳ ከእንዲህ ያለ ሰው ጋር መኖሩ ትርጉም አለው።

ወደ አገራችን ልመለስ። በኃይሌ ገሪማ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» (1976 እ.ኤ.አ.) ከብት የምትጠብቀው የገባር ልጅ የባለ መሬቱን ላም ከጎርፍ ለማዳን ስትል ራሷ ትሰጥማለች። እዚያ በሰውና በእንስሳ መካከል ያለው ትስስር ፍቅር ብቻ አይደለም፤ ፍርሀትም ነው። ላሚቱ ከጠፋች የሚመጣውን ቅጣት ልጅቷ ታውቃለች። ስለ ትስስር ስናወራ ገመዱን ማን እንደያዘው መርሳት የለብንም። ሌላው በ2009 ዓ.ም. የሆነው ነው፤ ቢሾፍቱ ተከፍቶ የነበረው የአህያ ቄራ በሕዝብ ቁጣ ተዘጋ። አገራችን በዓለም ላይ እጅግ ብዙ አህያ ካላቸው አገሮች አንዷ ናት፤ ስለ አህያ የተሠራ አንድ ትልቅ ፊልም ግን የለንም። ብሬሶን በ1966 እ.ኤ.አ. «ባልታዛር»ን የሠራው በፈረንሳይ ገጠር ስላለች አንዲት አህያ ነው። አምቦ ቅዳሜ ገበያ የቆመ ሰው በአንድ ሰዓት ውስጥ ሃያ ባልታዛር ያያል፤ ሁሉም ጭነት ተሸክመዋል።

እናም ወደ ዛሬው ፊልም እመጣለሁ። ከጥቂት ዓመታት በፊት አንዲት ተማሪዬ ለመመረቂያዋ በስልክ ካሜራ የዘጠኝ ደቂቃ ፊልም ሠራች። ጉዳዩ የጋሪ ፈረስ ነው። ባጃጅ ከበዛ ወዲህ በከተማችን የጋሪ ሥራ ምን እንደሆነ ታውቃላችሁ። አንድ ባለ ጋሪ ዐሥራ አንድ ዓመት የሠራበትን ፈረስ፣ እግሩ ሲያነክስና ፉርሽካው ሲወደድ፣ ወደ ጉደር በሚወስደው መንገድ ዳር ለቀቀው። ፈረስ አይታረድምና የሚገዛው የለም። ሰውዬው በየምሽቱ ከሥራ ሲመለስ ፈረሱ የቆመበት ሄዶ በፌስታል ጥቂት ፉርሽካ ያፈስለታል፤ ፈረሱም ከሩቅ ድምፁን ያውቀዋል። ወሩ ጥቅምት ነው፤ ዙሪያው ቢጫ አበባ ነው። ተማሪዬ ይህን ሁሉ ባዛን እንደሚለው በአንድ ፍሬም፣ ሳትቆርጥ አነሣችው።

በመጨረሻው ምሽት ሰውዬው የፈረሱን አንገት ይዞ አለቀሰ። እርሷም አነሣች። በማግሥቱ መጥቶ «ልጄ፣ እባክሽ ያንን አውጪልኝ፤ ሚስቴም ሰፈሩም ያየኛል፤ ፈረስ ጥሎ ያለቀሰ ይሉኛል» አላት። እርሷም ወደ እኔ መጣች። ቁጭ አድርጌ የፊልሙ ልብ ያ ምስል መሆኑን፣ ያለ እርሱ ሥራው ባዶ እንደሚሆን፣ የሰውዬው እፍረት ከጊዜ ጋር እንደሚያልፍ አስረዳኋት። ካርሎ ባቲስቲ የተባለው የፍሎሬንስ ዩኒቨርሲቲ የቋንቋ ጥናት ፕሮፌሰር በዴ ሲካ «ኡምቤርቶ ዲ.» (1952 እ.ኤ.አ.) ውስጥ ውሻውን ሊጥል አቅቶት የሚንገላታውን ጡረተኛ ሆኖ እንደሠራም ነገርኋት፤ ያ ሽማግሌ የውሻው ነገር ባይታይ ኖሮ ማን ያስታውሰው ነበር አልሁ። በደንብ ተከራከርሁ። መምህር ነኝና አሸነፍሁ። ምስሉ ቀረ፤ ፊልሙ በግቢው ታየ፤ ሰዎች አለቀሱ፤ እርሷም ጥሩ ውጤት አገኘች። ሰውዬው ግን ከዚያ በኋላ በዚያ መንገድ መሄድ ተወ። ፈረሱ ምን እንደሆነ ሰፈሩ ይነግራችኋል።

ባቲስቲ ተዋናይ ነበር፤ ሲመሽ ወደ ቤቱ ይሄዳል። ባለ ጋሪው አልተወነም። ይህን ልዩነት ለሌሎች ሳስተምር ኖሬ፣ በተራዬ ሳልለየው ቀረሁ። አንድ ጊዜ በስምንት ዓመቴ ያልጠየቁኝን እኔም ሌላውን አልጠየቅሁትም።

ባለፈው ሰኔ ተማሪዬን ፈልጌ አገኘኋት፤ አሁን በአንዲት የዞናችን ከተማ ታስተምራለች። ነገሩን አነሣሁላት። «ዶክተር፣ እኔ ካወጣሁት ሁለት ዓመት ሆነኝ» አለችኝ። ወደ ሰውዬውም ሄዳ አዲሱን ቅጂ አሳይታዋለች፤ ሁለት ጊዜ አየና «እንዲህ ከሆነ ይሁን» አላት። አሁን የምታዩት ያ ነው። ርዝመቱ ስምንት ደቂቃ ከጥቂት ሰከንድ ነው፤ በመጨረሻው ላይ ፉርሽካው ሲፈስ ድምፁን ትሰማላችሁ፤ ሰውዬው ከፈረሱ ወዲያ ስለሆነ ፊቱ አይታይም። ጥያቄ ያላችሁ ከፊልሙ በኋላ እቀበላለሁ። እባካችሁ መብራቱን አጥፉልኝ፤ ከመስኮቱ አጠገብ ያላችሁም መጋረጃውን ሳቡት።